የጭላዳ ማደሪያ

የአቃቂ በሰቃ ሰው አሰጋሽን የሚያውቃት በሁለት ነገር ነው፤ በስፌቷና በአገሯ። ሱሪ ሊያሳጥር የገባ ሰው ስለ መንዝ ጓሳ ሳይማር አይወጣም። መብራት ሲጠፋ እንኳ የሚቆመው የስፌት መኪናዋ ነው እንጂ አፏ አይደለም።

«እናንተ ይሄንን ነው ብርድ የምትሉት?» ትላለች፣ ሰዉ በሐምሌ ዝናብ ጃኬቱን ሲቆልፍ። «ወግ ነው! እኛ ዘንድ በኅዳር ሣሩ ውርጭ ለብሶ ያድራል፤ ጠዋት ስትረግጪው ከእግርሽ ሥር ይንኮሻኮሻል። ሰማይና ሜዳ ነው። ዛፍ የሚባል ነገር የለም። ጓሳ ሣር ነው፣ ከዚያ ጅብራ ነው፣ ከዚያ ደግሞ ጓሳ። ጅብራው የሰው ቁመት ያለው ተክል ነው፤ ለብቻው ተገትሮ ሰው ስለሚመስልሽ ጤና ይስጥልኝ ብለሽው ታልፊያለሽ።»

«ከዚያስ?» ትላታለች ሐጀራ፣ መቶ ጊዜ የሰማችውን። ሐጀራ የስልጤ ልጅ ናት፤ ከአሰጋሽ ክፍል ጎን ጨርቅ ትሸጣለች። ጨርቁ ከሐጀራ ይገዛል፣ አሰጋሽ ዘንድ ይሰፋል፤ እንዲህ ተደጋግፈው ነው የኖሩት።

«ከዚያማ በምዕራብ በኩል መሬቱ ቀስ እያለ ይወርድና ከገብሱና ከቤቱ ያደርስሻል። በምሥራቅ በኩል ግን አይወርድም፤ ያልቃል። በቃ ያልቃል! ጫፉ ላይ ባና ተከናንበሽ እየተንቀጠቀጥሽ ቁልቁል ስታዪ፣ ታች ቆላ ያለው ሰው በላብ ተጠምቋል። ጉሙም የሚመጣው ከዚያው ከገደሉ ነው። ሽቅብ ወጥቶ ያንን ሁሉ ሜዳ ባንድ አፍታ ይውጠዋል። ደግሞ ሣሩ ሕግ አለው! ሽማግሌዎች ተሰብስበው ከዘጉት ተዘጋ ነው። ዓመት ይሁን ሦስት ዓመት፣ እስኪከፈት ድረስ አንድ ጭብጥ ያጨደ ሰው ወዮለት!»

ሰዉም እንደ ሣሩ ነው፤ ከዘጋ ዘጋ። ይህንን እሷ አትለውም፣ እኔ ነኝ የምለው። ምን ታድርግ፣ ከዘጉት ሰዎች አንዷ እሷው ናት።

ታላቅ ወንድሟ ወልደሰንበት፣ አባታቸው ከሞቱ በኋላ እንደ አባት ሆኖ ያሳደጋት ሰው ነው። ልጅነቷን ስትጨርስ ባል መረጠላት። ጠላው ተጠምቆ፣ ዳሱ ሊጣል ሲል፣ አሰጋሽ በእህል መኪና ተሳፍራ ጠፋች። አቃቂ መጥታ ጨርቅ ፋብሪካ ገባች፣ እዚያው ባል አገባች፣ ሥርጉትን ወለደች፣ ባሏንም እዚሁ ቀበረች። ወልደሰንበት በሠርገኛ ፊት ያፈረበትን ቀን አልረሳም። እሷም «ከእንግዲህ እህት የለኝም» ብሎ የላከባትን ቃል አልረሳችም። ሁለቱም መንዜ ናቸው፣ ማን ማንን ይለምናል?

ከብዙ ዘመን በኋላ አንድ ቀን ስልኳ ጮኸ። «ወልደሰንበት ነኝ። ነይ» አላት። ለምን እንደሆነ አልተናገረም። «ያኔ እህት የለኝም ያሉት፣ ዛሬ ከየት አገኙኝ?» ብላ ጆሮው ላይ ዘጋችበት። ደግሞ ደወለ፣ አላነሳችም። ከጥቂት ወራት በኋላ አቃቂ ገበያ ነጭ ሽንኩርት የሚሸጥ ያገሯ ሰው፣ የሰማች መስሎት፣ «እናትሽን ነፍስ ይማር፣ እግዜር ያጥናሽ» አላት። እናቷ ከሞቱ ከርመዋል፤ አርባቸውም ወጥቷል። ወንድሟ መርዶ አልላከባትም።

ያንገበገባት ይሄ ነው። ሰው እንዴት የእናቱን መርዶ ይነፈጋል? ልቅሶ አልተቀመጠችም፣ ጥቁር አልለበሰችም። ሐጀራ ጥቁር ጨርቅ ከመደርደሪያዋ አውርዳ ብትሰጣት፣ «መልሺው። ያልተረዳሁትን ሞት አላለቅስም» አለቻት። የወንድሟንም ቁጥር ስልኳ ላይ «አይነሳም» ብላ መዘገበችው። በየፋሲካው ይደውላል። «አይነሳም» ይላል ስልኩ፤ አይነሳም።

እንግዲህ በዚህ በሐምሌ፣ ቂሊንጦ ፋብሪካ የምትሠራው ሥርጉት ፈቃድ ወሰደች። «ደብረ ብርሃን የጓደኛዬ እናት ታመዋል፣ ጠይቄ ልምጣ» ብላ ጠዋት ከቤት ወጣች። አሰጋሽም ዳቦ ቋጥራ፣ «ለታማሚዋ ስጫቸው» ብላ ሸኘቻት። ወደ ማታ ነው፣ ፀሐይዋ ልትዘቀዝቅ ስትል፣ የልጅቷ ስልክ የመጣው።

«እማ፣ እንዳትቆጪ።»

«ምን ሆንሽ?»

«ደብረ ብርሃን አይደለሁም። ጓሳ ነኝ።»

አሰጋሽ እግሯን ከስፌት መኪናው ፔዳል ላይ አነሳች። «የቱ ጓሳ?»

«ስንት ጓሳ አለ እማ? ያንቺው ነዋ! አጎቴ ጋ ልሄድ ነበር። እናንተ እስክትታረቁ ብጠብቅ አረጅ የለ? ሄጄ የአሰጋሽ ልጅ ነኝ ልለው ነበር። ሁለቱ ጅብራዎች ጋ ወርዶ ጀምበር ወደምትጠልቅበት ነው ትይ የለ ሁሌ?»

«ሁለቱ ጅብራዎች? አንቺ ልጅ፣ ጅብራ እኮ አብቦ ይሞታል! እነዚያማ እኔ ስወጣ ሊያብቡ ነበር!»

«እሱን ቀድመሽ አትነግሪኝም? ሹፌሩም ሳቀብኝ፤ እዚህ ያለው ሁሉ ጅብራ ነው አለኝ። እኔም አፍሬ ዝም ብዬ ወረድኩ። ስሄድ፣ ስሄድ፣ ጉም መጣ። እማ፣ ከጫማዬ በቀር ምንም አይታየኝም።»

የመጨረሻዋን ስትል ድምፅዋ ተሰበረ። አሰጋሽ ልትቆጣ የከፈተችውን አፍ መልሳ ዘጋችው።

«እሺ፣ አታልቅሺ። መንገዱ በየት በኩል ቀረ?»

«ዞሮብኛል፣ አላውቅም።»

«ፀሐይዋ በየት በኩል ናት?»

«የለችም። ሁሉም ነጭ ነው።»

«ምን ምን አልፈሽ ነው የመጣሽው?»

«አንድ ኩሬ አልፌያለሁ። እዚያ ጋ ቀይ ቀበሮ አየሁ፣ አይጥ ሲያድን። እሱን ቪዲዮ ስቀርጽ ነው ባትሪዬ ያለቀው።»

«ባትሪሽ አልቋል?!»

«ቀይ ሆኗል። እማ፣ ቆይ፣ ድምፅ አለ። ዝንጀሮዎች ናቸው! እነዚያ ጋማ ያላቸው። በጣም ብዙ ናቸው። ሣር እየነጩ ሁሉም ወደ አንድ በኩል እየሄዱ ነው።»

አሰጋሽ እጇን ደረቷ ላይ አደረገች። በልጅነቷ ማለዳ ማለዳ ገብሱ ላይ የሚወርደውን የጭላዳ መንጋ በድንጋይ ስታባርር፣ ከቤት ደጃፍ እናቷ «በዚህ በኩል! በዚህ በኩል መጡልሽ!» እያሉ ሲጮሁ፣ ሁሉም ትዝ አላት። ጭላዳና የእናቷ ድምፅ በልቧ አንድ ላይ ነው የኖሩት።

«ተመስገን አምላኬ! ጭላዳ ናቸው፣ አይነኩሽም። ጭላዳ ካለ ገብስ አለ፣ ገብስ ካለ ሰው አለ። ተከተያቸው! እንዳትለያቸው።»

«እርግጠኛ ነሽ?»

«እዚያ አገር የተወለድኩት እኔ ነኝ አንቺ?»

«እሺ በቃ፣ እየተከተልኳቸው ነ…»

ተቋረጠ። መልሳ ስትደውል ያቺ የስልክ ሴትዮ፣ የደወሉላቸውን ደንበኛ ማግኘት አይችሉም አለቻት።

ሐጀራ በሩ ላይ ቆማ ሁሉንም ሰምታለች። «ወላሂ ልቤ ቆመ። ታገኛለች ትያለሽ?»

«ምን ጥያቄ አለው? ይሄን ጊዜ ገብሱ ዳር ደርሳለች።» አሰጋሽ ወደ መኪናዋ ተመለሰች፤ አንገቷንም ቀና አደረገች። «አየሽ፣ ሰው አገሩን ከቶ አይረሳም። ይኸው ስንት ዘመኔ፣ አቃቂ ቁጭ ብዬ ጓሳ ላይ መንገድ መራሁ!» ደግሞ ከት ብላ ሳቀች። «ውሸታም! ደብረ ብርሃን ብላኝ! ዳቦዬን ለታማሚ ብዬ መስጠቴ!»

የቂሊንጦ ሠራተኞችን የሚያመላልሱት አውቶቡሶች በዚህ ጊዜ ነው በሰቃ መድረስ የሚጀምሩት። ጭቃውን እየረጩ ቆሙ፣ ልጃገረዶቹ ወረዱ። ልዕልት የምትባለው፣ ከሥርጉት ጋር ባንድ መስመር የምትሠራው ልጅ፣ በበሩ አንገቷን አስገባች።

«እትዬ አሰጋሽ፣ እንዴት አመሹ? ሥርጉት መቼ ነው የምትመለሰው?»

«ከነገ ወዲያ ናት። ግቢና ቁጭ በይ እንጂ።»

«ኧረ አልችልም፣ ስቆም ነው የዋልኩት። ወገቤ ተቆርጧል፣ ሄጄ ልተኛ።»

«ሂጂ ሂጂ፣ እውነትሽን ነው። ሲመሽ ሁሉም ወደ ማደሪያው ነው» አለቻት አሰጋሽ፣ ክር በመርፌው ልታስገባ እያነጣጠረች።

ክሩ አልገባም። እጇ አየር ላይ ቀረ።

ሁሉም ወደ ማደሪያው ነው።

ጭላዳ ገብሱ ላይ የሚወርደው ማለዳ ነበር። ማለዳ! ድንጋይ የወረወረችው ማለዳ ነው፣ እናቷ የጮኹት ማለዳ ነው። ማታ ማታ ግን ያው መንጋ ሣሩን እየነጨ ወደ ምሥራቅ ይመለስ ነበር፣ ነብርና ጅብ ወደማይደርስበት፣ ወደ ገደሉ። ከአፋፉ አንድ በአንድ እየተንሸራተቱ ይወርዱና አለቱ ላይ ተጣብቀው ያድራሉ። ይህንን የማያውቅ የጓሳ ልጅ የለም። አሰጋሽም ታውቀዋለች። ለሱሪ አሳጣሪው ሁሉ ስታወራው ኖራለች።

«አሴ? ምነው? ፊትሽ ዓመድ መሰለ እኮ» አለቻት ሐጀራ።

«ልጄን ገደል ሰደድኳት።»

«ምን?»

«በአፌ! በዚህ በገዛ አፌ! ማታ እኮ ነው ሐጀራ! ማታ ጭላዳ ወደ ገብስ አይሄድም፣ ወደ ገደል ነው የሚሄደው። እነሱ ጥፍር አላቸው፣ እሷ በሸራ ጫማ ናት፣ በዚያ ላይ ጉም ነው።» ስልኳን አንስታ ደወለች። ሴትዮዋ ያንኑ ደገመችላት። ደግማ ደወለች። «ዝም በይ አንቺ!» ብላ ስልኩ ላይ ጮኸች፣ ሰው የሚሰማት ይመስል።

ሐጀራ ትከሻዋን ያዘቻት። «ቆይ፣ ተረጋጊ። እዚያ አካባቢ ሰው የለሽም?»

የአሰጋሽ ጣት ስልኩ ላይ ስሞቹን እያሳለፈ ወረደ። «አይነሳም» የሚለው ጋ ሲደርስ ቆመ። ሐጀራ አነበበችው፤ ማን እንደሆነም ታውቃለች።

«ደውይ» አለቻት።

«ባያነሳስ? እሱም እንደኔ ዘግቶኝ ቢሆንስ?»

«ደውይ አልኩሽ! ልጅሽ ናት!»

ነካችው። ጠራ። ደግሞ ጠራ። አሰጋሽ በሕይወቷ እንደዚያ የለመነችበት ጊዜ የለም፤ የአቃቂ ማርያምን፣ አባቷን፣ የእናቷን ነፍስ ሳይቀር ለመነች።

«አቤት» አለ የሽማግሌ ድምፅ። ከድምፁ ኋላ ነፋስ ያፏጫል።

«ጋሼ… እኔ ነኝ። አሰጋሽ ነኝ።»

«አወቅሁሽ» አለ።

«ልጄ ጓሳው ላይ ናት። ወደ እርስዎ ልትመጣ ነበር፣ ሳትነግረኝ። ጉም ያዛት፣ ስልኳም ሞተ። ጭላዳ እየተከተለች ነው ጋሼ። ወደ ማደሪያቸው።»

«ጭላዳ ተከተይ ማን አላት?»

አሰጋሽ ዓይኗን ጨፈነች። «እኔ።»

«አንቺ?»

«እኔ ነኝ። ማታ መሆኑን ረሳሁት።»

ቢሰድባት ይሻላት ነበር። አልሰደባትም። ድምፁ ተለወጠ፤ የሥራ ድምፅ ሆነ። «የት ጋ አገኘቻቸው? ምን አይቻለሁ ብላለች?»

«ኩሬ አልፌያለሁ ብላለች። ቀይ ቀበሮ ያየሁበት ኩሬ።»

«የኩሬው መንጋ ነው። የሚያድርበትን አውቀዋለሁ። የጓሳ ጥበቃ ተረኛ ነኝ፣ የምንጠብቅበት ጎጆ ለዚያ ቅርብ ናት።» እንጨት ሲንኳኳ፣ በር ሲከፈት ተሰማ። «ስልኩን አትዝጊ።»

ሐጀራ ይህን ስትሰማ የራሷን ስልክ አውጥታ፣ መስመሩ በገንዘብ እንዳይቋረጥ ለአሰጋሽ ካርድ ላከችላት። ከዚያ ሁለቱም ስልኩን መሐላቸው አድርገው አግዳሚው ላይ ተቀመጡ። ውጪ ባጃጆች ይንጫጫሉ፣ አንዱ ኢሱዙ ክላክስ ያስጮሃል። በስልኩ ውስጥ ደግሞ የእርምጃ ድምፅ አለ፣ እርጥብ ሣር የሚጠርግ፣ የሽማግሌ ትንፋሽም አለ። ይሄ ሰው ስንት ዓመቱ ሆነ? አሰጋሽ ማሰብ አልፈለገችም። ስትወጣ ጎልማሳ ነበር።

በድንገት ጧ! አለ።

ሐጀራ ዘላ ተነሣች። «ተኩስ ነው?»

«ጅራፍ ነው። ጉም ሲሆን ጠባቂዎቹ ጅራፍ ያጮሃሉ። ቃል ጉም ውስጥ ይጠፋል፣ ጅራፍ ግን ራቅ አድርጎ ይሰማል። የጠፋ ሰው ድምፁን ተከትሎ ይመጣል።»

ጧ! አለ ደግሞ።

«ሥርጉት ታውቀዋለች ይሄን?» አለች ሐጀራ።

አሰጋሽ የነገረቻትን ሁሉ በልቧ ቆጠረች። ስለ ውርጩ ነግራታለች። ስለ ጅብራው፣ ስለ ሣሩ ሕግ፣ ስለ ጭላዳው ጋማ ነግራታለች። ስለ ጅራፉ ግን አንድም ቀን አላነሳችባትም። ሐጀራ ራሷ ተኩስ ነው ብላ ዘላ የለ እንዴ? የአቃቂ ልጅ በጉም ውስጥ፣ ለብቻዋ፣ ከኋላዋ «ጧ» ሲል ብትሰማ ምን ታደርጋለች? ትሮጣለች። ወዴት? ወደ ፊት።

«ጋሼ!» ብላ ጮኸች ስልኩ ላይ። «ጋሼ ይተዉት! ጅራፉን ይተዉት! ተኩስ ነው የሚመስላት! ትሸሻለች!»

እርምጃው ቆመ። «ምን አልሽ?»

«ጅራፉን አታውቀውም! የከተማ ልጅ ናት! ስሟን ይጥሩት፣ በስሟ ይጥሯት!»

«ስሟን መቼ ነገርሽኝና!»

እውነቱን ነው። የእህቱን ልጅ ስም አያውቀውም። አሰጋሽ ከዚህ በላይ ያፈረችበት ጊዜ አልነበረም። «ሥርጉት» አለች። «ሥርጉት ነው ስሟ።»

«ሥርጉት!» ብሎ ተጣራ። ድምፁ ያረጀ ነው፣ ተሰነጠቀ። «ሥርጉት!»

መልስ የለም። ነፋሱ ብቻ። ደግሞ ተጣራ፣ አሁንም የለም። አሰጋሽ ሳታውቀው የሐጀራን እጅ ጨምድዳ ይዛለች። የማያውቁት የወንድ ድምፅ በጉም ውስጥ ስም ቢጠራ፣ ማን ደፍሮ አቤት ይላል? ሥርጉት ፈርታ ጎንበስ ብላ ይሆናል። ወይም ደግሞ… አይ፣ ይህንን አታስበውም።

ወልደሰንበት ትንፋሹን ሲሰበስብ ተሰማት። ከዚያ ባለ በሌለ ኃይሉ፣ ጓሳው ሁሉ እስኪሰማ፣ ጮኸ።

«የአሰጋሽ ልጅ! የእህቴ ልጅ! የአሰጋሽ ልጅ ሆይ!»

«እህት የለኝም» ያለው ሰው ነው። አሰጋሽ አፏን በነጠላዋ ጫፍ አፈነች።

«የአሰጋሽ ልጅ! አጎትሽ ነኝ! ካለሽበት እንዳትንቀሳቀሺ!»

ከሩቅ፣ በጣም ከሩቅ፣ የወፍ ድምፅ የምታክል ነገር በስልኩ ውስጥ አለፈች። የሰው ትሁን የነፋስ አልለየችም። ወዲያው መስመሩ ተቋረጠ።

ደወለች፣ አይገባም። ደግማ ደወለች፣ አይገባም። ሐጀራ ከንፈሯ እየተንቀሳቀሰ ዱዓ ያዘች። አንዲት ሴት ቀሚስ ልትወስድ መጣች፣ ፊታቸውን አይታ «በኋላ እመለሳለሁ» ብላ ሄደች። የበሰቃ መብራቶች በሩ። አሰጋሽ ተነሥታ ቆመች፣ ተቀመጠች፣ ደግማ ተነሣች። መቀሱን አንስታ መልሳ አስቀመጠችው። እርግጠኛ ነሽ ስትባል የመለሰችው መልስ በጆሮዋ ይደጋገማል። እዚያ አገር የተወለድኩት እኔ ነኝ አንቺ? እዚያ አገር የተወለድኩት እኔ ነኝ አንቺ?

ስልኩ ጮኸ። «አይነሳም» ይላል። አነሳችው።

«እማ!»

አሰጋሽ መሬቱ ላይ፣ የጨርቅ ቁርጥራጩ ላይ ቁጭ አለች። እልል ልትል ፈልጋ ለቅሶ ነው የወጣት። ሐጀራም አብራት ወደቀች።

«እማ አታልቅሺ፣ ደህና ነኝ! በርዶኛል እንጂ ደህና ነኝ። አጎቴ ጋቢውን አልብሶኛል። መጀመሪያ ተኩስ ሰምቼ ፈርቼ ነበር፣ ለካ ጅራፍ ነው! እማ፣ ግን አንቺ ጉደኛ ነሽ። ዝንጀሮዎቹን ተከተይ ባትይኝ ኖሮ እስካሁን እዚያ ሜዳ ላይ እዞር ነበር እኮ። ቀጥ ብለው አጎቴ ወደሚጠብቅበት ነው የወሰዱኝ! ከአቃቂ ሆነሽ እንዴት አወቅሽ?»

አሰጋሽ ስልኩን ጆሮዋ ላይ ለጠፈችው። በስልኩ ውስጥ ወልደሰንበት፣ «ወደ ጎጆው ግቢ፣ እሳቱ ጋ ተቀመጪ፣ እኔ ላናግራት» ሲል ሰማች። በሩ ተዘጋ። ነፋሱ ተመለሰ።

«ሰማሻት?» አለ ወልደሰንበት።

«ሰማኋት።»

«ጭላዳዎቹ ወርደው አልቀዋል። እሷ የቀረችው የጫማዋ ክር ተፈትቶ ልታስር ጎንበስ ብላ ነው። ከዚያ እስከ ገደሉ ሁለት እርምጃ የለም። ገደሉን አላየችውም፣ ጉም ነው። እኔም አልነገርኳትም።»

«ይንገሯት ጋሼ። እናቷ የሠራችውን ትወቀው።»

«እኔ አልነግራትም። አንቺው ነሽ የምትነግሪያት። እዚህ መጥተሽ፣ ጉሙ ሲገለጥ፣ አፋፉ ላይ አቁመሽ ታሳያታለሽ። እንዲህ ያለ ነገር በስልክ አይነገርም።»

አሰጋሽ ከጨርቅ ቁርጥራጮቹ አንዱን አንስታ በጣቷ ጠቀለለችው።

«በስልክ የማይነገር ነገር አለ» አለ ሽማግሌው ደግሞ። አሁን ድምፁ ዝግ ብሏል። «ያኔ ነይ ስልሽ ለምን መሰለሽ? እናታችን አልጋው ላይ ተገንዛ ነው የደወልኩልሽ። ምን ልበልሽ? ስልክ ይዤ፣ ሞተች ልበልሽ? ነይ አልኩሽ። ዘጋሽብኝ።»

«ሰው… ሰው ይልኩብኝ ነበር እኮ ጋሼ።»

«አቃቂ ማንን አውቃለሁ? የእናትሽን ሞት በባዕድ አፍ እንድትሰሚው አልፈለግሁም። ትመጣለች ብዬ አስከሬኑን አንድ ቀን አሳደርኩ፤ ሰዉ ተቆጣኝ፣ ቀበርናት። በየፋሲካው ደወልኩ። አሁንም አልተረዳሽም አይደል?»

«አልተረዳሁም» አለች።

«ነይና ላርዳሽ።»

አሰጋሽ በነጠላዋ ፊቷን ጠረገች። «እሺ ጋሼ» አለች።

ስልኩ ከተዘጋ በኋላ ከመሬቱ ተነሥታ የጨርቅ ቁርጥራጩን ከቀሚሷ አራገፈች። ሐጀራ ፊቷን ታያለች፤ የመጨረሻውን አልሰማችም፣ የሰማችው የሥርጉትን ድምፅ ብቻ ነው።

«ቤት ገባች?»

«ጎጆ ገብታለች። እሳት እየሞቀች ነው።»

«አልሐምዱሊላህ! አልሐምዱሊላህ! ነይ በይ ሻይ ልግዛልሽ፣ ጉሮሮሽ ደርቋል።»

አሰጋሽ አልተንቀሳቀሰችም። በበሩ በኩል አሻግራ ወደ ሐጀራ ሱቅ መደርደሪያ ታይ ነበር።

«ያንን ጥቁር ጨርቅ አውርጅልኝ» አለች።

ሐጀራ ደነገጠች። «ጥቁር? ኧረ አስተግፊሩላህ! ተርፋለች አላልሽም እንዴ?»

«ተርፋለች።»

«ታዲያ ጥቁሩ ለማን ነው?»

«ለእናቴ» አለች አሰጋሽ፤ ሜትሩንም ከአንገቷ አውርዳ የራሷን ትከሻ መለካት ጀመረች።